መምሪያ የሌለው መሣሪያ፦ የቆዩ የመኪና መመርመሪያዎችን መጻሕፍት በሕጋዊ መንገድ ስለማግኘት የቀረበ ሂሳዊ አስተያየት

መግቢያ

በቴክኒክና ሙያ ትምህርት ቤቶች የአውቶሞቲቭ ወርክሾፕ ውስጥ ከሚገኙት መሣሪያዎች መካከል አብዛኞቹ ሥራቸውን በመልካቸው የሚናገሩ ናቸው። መፍቻ ምን እንደሚፈታ፣ ክሪክ ምን እንደሚያነሳ ለተማሪ በአንድ ቀን ማሳየት ይቻላል። የኤሌክትሮኒክ መመርመሪያ ግን ከነዚህ ይለያል። ይህ መሣሪያ የሚያወጣው ቁጥር ነው፤ የቁጥሩ ትርጉም የሚገኘው ደግሞ በመሣሪያው ውስጥ ሳይሆን አብሮት በተዘጋጀው መጽሐፍ ውስጥ ነው። መጽሐፉ የጠፋ እንደሆነ መሣሪያው ቢበራም ለትምህርት የሚሰጠው ጥቅም እጅግ ያነሰ ይሆናል።

ችግሩ ይበልጥ ጎልቶ የሚታየው በቆዩ መሣሪያዎች ላይ ነው። በ1980ዎቹና በ1990ዎቹ የተሠሩ መመርመሪያዎች በግዢም ሆነ በርዳታ ከእጅ ወደ እጅ ሲተላለፉ ሣጥኑና ገመዱ ሲደርስ መጽሐፉ በመንገድ ሊቀር ይችላል። እንዲህ ያለ መሣሪያ የደረሰው መምህር ሁለት ምርጫ ብቻ ያለው ሊመስለው ይችላል። አንደኛው፣ ምንጩ ያልታወቀ ቅጂ ፈልጎ ማባዛት ነው፤ ሁለተኛው፣ መሣሪያውን በመደርደሪያ ላይ ትቶ በቃል ብቻ ማስተማር ነው። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ሁለቱም ለትምህርት የማይበጁ መሆናቸውን በማሳየት ሌላ መንገድ መኖሩን ማስረዳት ነው። ለዚህም በቅድሚያ መጻሕፍቱ ራሳቸው እንደ ትምህርት ጽሑፍ ይመዘናሉ፤ ቀጥሎ የባለቤትነታቸው ጉዳይ ይመረመራል፤ በመጨረሻም ለመምህራንና ለዕቅድ አውጪዎች የሚበጀው አካሄድ ይቀርባል። ዓመተ ምሕረት ተብሎ ካልተገለጸ በስተቀር በጽሑፉ የተጠቀሱት ዓመታት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

1. የቆየ የሚባለው መሣሪያ የትኛው ነው?

መኪና በካርቡራተር ይሠራ በነበረበት ዘመን የሞተር ምርመራ በጆሮ፣ በዓይንና በጥቂት መለኪያዎች የሚከናወን ነበር። በ1980ዎቹ የኤሌክትሮኒክ ነዳጅ መርጫ እየተስፋፋ ሲሄድ ሞተሩን የሚቆጣጠር ኮምፒውተር በመኪናው ውስጥ ገባ። ኮምፒውተሩ ከሴንሰሮች የሚደርሰውን መልእክት እየተከታተለ ያልተለመደ ነገር ሲያገኝ ኮድ ይመዘግባል፤ በዳሽቦርዱ ላይ ያለውንም የማስጠንቀቂያ መብራት ያበራል። በአሜሪካ የካሊፎርኒያ ግዛት ከ1988 ሞዴል ጀምሮ አዳዲስ መኪናዎች ይህን መሰል ራስን የመመርመር ችሎታ እንዲኖራቸው አስገደደ። ይሁንና ደንቡ የሶኬቱን ቅርጽም ሆነ የኮዱን ቁጥር አንድ ዓይነት አላደረገም። ስለሆነም እያንዳንዱ ፋብሪካ የራሱን ሶኬት፣ የራሱን ኮድ፣ የራሱን መሣሪያና የራሱን መጽሐፍ አወጣ።

አንድ ወጥ ሥርዓት በመላው አሜሪካ ግዴታ የሆነው ከ1996 ሞዴል ጀምሮ ነው። በአውሮፓ ኅብረት አገሮች ደግሞ ለቤንዚን መኪናዎች ከ2001፣ ለናፍጣ መኪናዎች ከ2004 ጀምሮ በሥራ ላይ ዋለ። በዚህ ሥርዓት ባለ 16 እግር የጋራ ሶኬትና በአንድ ፊደልና በአራት አሃዝ የሚጻፍ የጋራ ኮድ ስላለ፣ አንድ ርካሽ መሣሪያ የብዙ ፋብሪካዎችን መኪና ሊያነብ ይችላል። በዚህ ጽሑፍ የቆየ መሣሪያ የሚባለው ከጋራው ሥርዓት በፊት ለነበሩ መኪናዎች የተሠራው ነው።

ጉዳዩ ያለፈ ታሪክ ብቻ ተደርጎ ሊታይ አይገባም። በኢትዮጵያ መንገዶች ላይ የቆዩ የጃፓን መኪናዎች፣ በተለይም ቶዮታ ኮሮላ፣ ዛሬም በብዛት ያገለግላሉ። ከእነዚህ ውስጥ በተለምዶ ዲኤክስ የሚባለው ባለ ካርቡራተር ስለሆነ የሚያነጋግሩት ኮምፒውተር የለውም፤ ከ1980ዎቹ መጨረሻ ወዲህ የመጡት ባለ ኤሌክትሮኒክ ነዳጅ መርጫ ሞዴሎች ግን አላቸው። በ2024 በነዳጅ የሚሠሩ አውቶሞቢሎች ወደ አገር እንዳይገቡ መንግሥት መከልከሉም ሊታሰብበት ይገባል። አዲስ የነዳጅ መኪና በማይገባበት ሁኔታ፣ ያሉት መኪናዎች እስካሉ ድረስ በጥገና መቆየታቸው አይቀርም። ለእነዚህ መኪናዎች ጠጋኝ የሚያሠለጥነው ትምህርት ቤት ደግሞ መጽሐፋቸውን ማግኘት ግዴታው ይሆናል።

2. አንድ ሴንሰር በሦስት መጻሕፍት

የመጻሕፍቱን ጥራት ለመመዘን አንድን ዕቃ በተለያዩ ፋብሪካዎች መጻሕፍት ውስጥ መከተል ይጠቅማል። ለዚህ የሚመቸው የማቀዝቀዣ ውሃን ሙቀት የሚለካው ሴንሰር ነው። ሥራው ቀላል ነው። ሙቀት ሲጨምር የሴንሰሩ ሬዚስታንስ ይቀንሳል፤ ሙቀት ሲቀንስ ሬዚስታንሱ ይጨምራል። ኮምፒውተሩም ከዚህ ተነሥቶ ሞተሩ ቀዝቃዛ ነው ወይስ ሞቋል የሚለውን ይወስናል፤ የሚረጨውንም ነዳጅ በዚያው መጠን ይመጥናል።

በቶዮታ የቆዩ መኪናዎች ኮዱን ለማንበብ መሣሪያ እንኳ አያስፈልግም። በሞተሩ ክፍል ውስጥ ከሚገኘው የምርመራ ሶኬት ቲኢ1 እና ኢ1 የተባሉትን ሁለት ጫፎች በአጭር ሽቦ አገናኝቶ፣ ሞተሩን ሳያስነሱ ቁልፉን ማዞር ነው። በዳሽቦርዱ ላይ ያለው መብራት ያለማቋረጥ በእኩል ፍጥነት ብልጭ ድርግም ካለ የተመዘገበ ኮድ የለም። ሁለት ጊዜ ብልጭ ብሎ፣ ጥቂት ቆሞ፣ እንደገና ሁለት ጊዜ ብልጭ ካለ ኮዱ 22 ነው፤ ይኸውም የውሃ ሙቀት ሴንሰር መስመር ማለት ነው። የፋብሪካው መጽሐፍ ከዚህ ቀጥሎ ተጠርጣሪዎቹን ሲዘረዝር የሽቦውን መስመር፣ ሴንሰሩንና ኮምፒውተሩን ያነሣል። የሴንሰሩንም መለኪያ ይሰጣል፤ በ20 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ከ2 እስከ 3 ኪሎ ኦም፣ በ80 ዲግሪ ደግሞ ከ0.2 እስከ 0.4 ኪሎ ኦም ገደማ መሆን አለበት።

የዚህ መጽሐፍ ትልቁ ዋጋ ኮድ 22 ሴንሰሩ ተበላሽቷል ማለት እንዳልሆነ ማሳየቱ ነው። ኮዱ የሚናገረው ከመስመሩ የመጣው መልእክት ከሚጠበቀው ውጪ መሆኑን ብቻ ነው። መጽሐፉን ያላየና የኮዶቹን ዝርዝር ብቻ በወረቀት ቁራጭ የያዘ ተማሪ ደህና ሴንሰር አውጥቶ ይጥላል፤ የተቆረጠው ሽቦ ግን እንደተቆረጠ ይቀራል። በዚሁ ሶኬት ውስጥ የባትሪ ኃይል የሚመጣበት ጫፍም አለ። የትኛው ጫፍ የትኛው እንደሆነ የሚያሳየውን ሥዕል ሳያይ ሽቦ የሚሰካ ተማሪ ቢያንስ ፊውዝ ያቃጥላል። የመጽሐፉ ጉድለት ደግሞ ምክንያትን አለማስተማሩ ነው። ሬዚስታንሱ ለምን ከሙቀት ጋር እንደሚቀንስ አይገልጽም፤ አንባቢው አስቀድሞ የሠለጠነ የፋብሪካው ሠራተኛ ነው ብሎ ይነሣል።

የጄኔራል ሞተርስ ፋብሪካ ለተመሳሳይ ዘመን መኪናዎቹ ቴክ 1 የተባለውን በእጅ የሚያዝ መሣሪያ ይጠቀም ነበር። መሣሪያውን የሠራው ቬትሮኒክስ የተባለ ኩባንያ ሲሆን፣ እንደየመኪናው ዓይነትና ዓመት የሚለዋወጥ ካርትሪጅ ይሰካበታል። በዚህ ፋብሪካ አሠራር የውሃ ሙቀት ሴንሰር አንድ ሳይሆን ሁለት ኮድ አለው። ኮድ 14 መስመሩ ከመጠን ያለፈ ሙቀት እንደሚያሳይ፣ ኮድ 15 ደግሞ ከመጠን ያለፈ ቅዝቃዜ እንደሚያሳይ ይገልጻል። የሴንሰሩ ሽቦ ከተቆረጠ ሬዚስታንሱ ወሰን የሌለው ያህል ስለሚሆን ኮምፒውተሩ ውሃው እጅግ ቀዝቃዛ ነው ብሎ ያምናል፤ ሽቦው ከመኪናው አካል ጋር ከተነካካ ደግሞ ውሃው የፈላ ይመስለዋል። የሁለቱ ኮዶች ልዩነት ለመምህር ጥሩ የማስተማሪያ አጋጣሚ ነው። መጽሐፉ ግን አጋጣሚውን አይጠቀምበትም። የሚያቀርበው የአዎና የአይደለም ሠንጠረዥ ነው፤ ሴንሰሩ እንዲነቀል ያዛል፣ መሣሪያው የሚያሳየው ሙቀት መለወጡን ይጠይቃል፣ መልሱ አዎ ከሆነ ወደ አንዱ ሣጥን፣ አይደለም ከሆነ ወደ ሌላው ይመራል። ሠንጠረዡን በታዛዥነት የተከተለ ተማሪ ከትክክለኛው መልስ ሊደርስ ይችላል፤ ለምን እንደደረሰ ግን ሳያውቅ ይቀራል።

በዚሁ ፋብሪካ መኪናዎች ሞተሩ ሳይነሣ ሶኬቱን አገናኝቶ ኮድ ሲነበብ መጀመሪያ የሚታየው 12 ነው። ትርጉሙ ከሞተሩ የመዞር ምልክት አልመጣም ማለት ሲሆን፣ ሞተሩ ቆሞ ሳለ ይህ መታየቱ ትክክለኛና የሚጠበቅ ነገር ነው፤ እንዲያውም የምርመራው ሥርዓት እየሠራ መሆኑን ያረጋግጣል። መጽሐፍ የሌለው ተማሪ ግን 12ን ብልሽት አድርጎ ይመዘግባል። አንድ ገጽ ባለመኖሩ ብቻ ጤናማው መኪና ሕመምተኛ ይሆናል።

የጀርመኑ ፎክስዋገን ፋብሪካ ቪ.ኤ.ጂ. 1551 የተባለ ባለ ማተሚያ መሣሪያ ነበረው። ሠራተኛው ከመኪናው ክፍሎች የሚፈልገውን በቁጥር ይጠራል፤ 01 ሞተሩ ነው፣ 03 ፍሬኑ ነው። ቀጥሎ የሥራውን ዓይነት በሌላ ቁጥር ያዛል፤ 02 የተመዘገቡ ብልሽቶችን ማንበብ፣ 05 መሰረዝ፣ 08 የመለኪያ እሴቶችን ማየት ነው። የውሃ ሙቀት ሴንሰር ብልሽት በዚህ ሥርዓት 00522 ተብሎ ይወጣል። ከሁሉም ይበልጥ አስቸጋሪ የሚሆነው በ08 ውስጥ 000 የተባለው ቡድን ነው። በዚያ ቡድን ከ0 እስከ 255 የሚደርሱ አሥር ቁጥሮች ያለ ስምና ያለ መለኪያ አሃድ ይደረደራሉ። ከአሥሩ የትኛው ሙቀት፣ የትኛው የሞተር ፍጥነት እንደሆነ የሚናገረው የመሣሪያው መጽሐፍ ሳይሆን የመኪናው የጥገና መጽሐፍ ነው፤ ያውም የዚያው ሞተር ዓይነት መጽሐፍ መሆን አለበት።

ከእነዚህ ምሳሌዎች አንድ ነገር ግልጽ ይሆናል። መምሪያው ጠፋ ሲባል የጠፋው አንድ መጽሐፍ አይደለም። አንደኛ የመሣሪያው የአጠቃቀም መጽሐፍ አለ፤ ሁለተኛ የካርትሪጁ ወይም የፕሮግራሙ መግለጫ አለ፤ ሦስተኛ የመኪናው የጥገና መጽሐፍ አለ። ለትምህርት ከሁሉ የሚበልጠው ሦስተኛው ሆኖ ሳለ፣ ብዙውን ጊዜ ፍለጋው በመጀመሪያው ላይ ብቻ ይቆማል። ሦስቱን ያልለየ ትምህርት ቤት የመሣሪያውን መጽሐፍ አግኝቶ እንኳ የቁጥሩን ትርጉም ሳያገኝ ይቀራል።

3. የመጻሕፍቱ ባለቤት ማን ነው?

መጽሐፉ ከገበያ መውጣቱ መብቱ አብሮ አልቋል ማለት አይደለም። በአሜሪካ ሕግ መሠረት ኩባንያ በሠራተኞቹ አማካይነት አዘጋጅቶ ያሳተመው ጽሑፍ ከታተመበት ጊዜ ጀምሮ ለ95 ዓመታት ይጠበቃል። ስለዚህ በ1988 የታተመ የመሣሪያ መምሪያ እስከ 2083 መጨረሻ ድረስ ባለመብት አለው። መጽሐፉ የሚገልጸው መኪና ግን ከዚያ አስቀድሞ ብረቱ ቀልጦ ሌላ ዕቃ ሆኖ ይሆናል። የጥበቃው ዘመን ለልቦለድ ጸሐፊና ለወራሾቹ የሚገባ ቢሆንም፣ ለጥገና መጽሐፍ ሲውል ከዕቃው ዕድሜ ጋር ፈጽሞ የማይመጣጠን መሆኑ በግልጽ ሊነገር ይገባዋል።

ሌላው እንቅፋት ኩባንያዎቹ መሸጣቸው ነው። ሰን ኤሌክትሪክ የተባለው የታወቀ የሞተር መመርመሪያ ፋብሪካ በ1992 ለስናፕ ኦን ተሸጠ። ቬትሮኒክስ በ2003 በቦሽ ሥር ገባ። ኦ.ቲ.ሲ. በሚል ስም መሣሪያዎች ያወጣ የነበረው የኤስ.ፒ.ኤክስ. የጥገና መሣሪያ ክፍልም በ2012 ወደ ቦሽ ተዛወረ። በመሣሪያው ጀርባ ላይ በተለጠፈው ስም ደብዳቤ የሚጽፍ ሰው በዚያ ስም የሚመልስለት ላያገኝ ይችላል። ትክክለኛው አድራሻ የገዢው ኩባንያ ነው።

የመንግሥታት ሕግም ቢሆን ፊቱን ያዞረው ወደ አዲሱ ነው። የአሜሪካ የአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤት በ2003 ባወጣው ደንብ ፋብሪካዎች ከጭስ ልቀት ጋር የተያያዘ የጥገና መረጃቸውን ለማንኛውም ጠጋኝ በተገቢ ዋጋ በኢንተርኔት እንዲያቀርቡ ግዴታ ጣለ፤ ይህ ግን ከ1996 ሞዴል ወዲህ ላሉት ነው። የማሳቹሴትስ ግዛት ሕዝብ በ2012 በድምፁ ያጸደቀው የመጠገን መብት ሕግና እሱን ተከትሎ በ2014 በመኪና አምራቾችና በጠጋኞች ማኅበራት መካከል የተደረገው አገር አቀፍ ስምምነት ከ2002 ሞዴል ይጀምራሉ። የአውሮፓ ኅብረት ደንብ ቁጥር 715/2007 ደግሞ ከ2009 ወዲህ ለጸደቁ አዳዲስ ዓይነቶች የወጣ ነው። ሦስቱም በጎ ሕጎች ናቸው፤ ሦስቱም ግን በጋራው ሥርዓት ለሚነበቡ መኪናዎች በር ሲከፍቱ፣ ያለ ፋብሪካው መጽሐፍ ጨርሶ የማይነበቡትን የቀድሞ መኪናዎች በር ላይ ትተዋቸዋል። የመጽሐፉ ፍላጎት ይበልጥ በሚጠነክርበት ቦታ የሕጉ ድጋፍ ይበልጥ የሳሳ ነው።

4. ምንጩ ያልታወቀ ቅጂ

በዚህ ሁኔታ የተቸገረ መምህር ከየትም የመጣ ቅጂ አግኝቶ ቢያባዛ ብዙዎች አይወቅሱትም። ይሁንና ጉዳዩ ከሕግ ባሻገር በትምህርት ዓይን መታየት አለበት። ምንጩ ያልታወቀ ቅጂ የታተመበትን ዓመትና ለየትኛው ገበያ እንደተዘጋጀ ብዙውን ጊዜ አያሳይም። ለአሜሪካ የተሠራ ኮሮላና ለሌላ አገር የተሠራ ኮሮላ በኮድ ቁጥር ቢመሳሰሉም በሽቦ ቀለማቸውና በሶኬታቸው ሊለያዩ ይችላሉ። ታጥፎ የሚገባው ሰፊ የሽቦ ሥዕል በማባዣ ላይ ሲያልፍ ተቆርጦ ይቀራል፤ ቀለም የሌለው ቅጂም ቀዩን ሽቦ ከጥቁሩ አይለይም። መምህሩ እንዲህ ያለውን ቅጂ ይዞ ሲያስተምር ስሕተቱ የማን እንደሆነ፣ የመኪናው ይሁን የወረቀቱ፣ መለየት አይችልም።

ከዚህም ሌላ ተማሪው ከመምህሩ የሚማረው የሞተር ሥራ ብቻ አይደለም። ነገ የራሱን ጋራዥ የሚከፍት ወጣት፣ የሌላውን ሰው ሥራ ያለ ፈቃድ መውሰድ የተለመደ አሠራር ነው ብሎ ከትምህርት ቤት ከወጣ፣ የእሱም ሥራ በሌሎች ሲወሰድበት የሚከራከርበት ቃል አይኖረውም።

5. ሕጋዊዎቹ መንገዶችና ሚዛናቸው

ፍለጋው መጀመር ያለበት ከመሣሪያው ነው። የመሣሪያው ስም፣ የሞዴል ቁጥሩ፣ የካርትሪጁ ቁጥርና ዓመት፣ እንዲሁም የሚመረመረው መኪና የሞተር ዓይነት በአንድ ወረቀት ላይ ተመዝግቦ ካልተያዘ ከየትም ትክክለኛ መልስ አይገኝም።

የመጀመሪያው መንገድ ባለመብቱን መጠየቅ ነው። ደብዳቤው መሣሪያውን በቁጥሩ መጥቀስ፣ የሚፈለገውን እትም መግለጽ፣ ስንት ቅጂ ለስንት ተማሪ እንደሚያስፈልግ መናገርና ቅጂው ለሽያጭ የማይውል መሆኑን ማረጋገጥ ይገባዋል። ከገበያ ለወጣ መጽሐፍ ባለመብቱ የሚያጣው ገቢ ጥቂት ስለሆነ ፈቃድ ማግኘት የማይታሰብ ነገር አይደለም። ነገር ግን መልስ አለመምጣቱ ፈቃድ ተደርጎ ሊቆጠር አይችልም።

ሁለተኛው መንገድ የመኪና ፋብሪካዎቹ ራሳቸው በኢንተርኔት የሚሸጡት የጥገና መረጃ ነው። ቶዮታም ሆነ ፎክስዋገን ለአጭር ጊዜ ተከፍሎበት የሚገባበት እንዲህ ያለ አገልግሎት አላቸው። ዋጋው ለአንድ ጊዜ ብዙ ባይሆንም በውጭ ምንዛሪ የሚከፈል በመሆኑ ለአንድ ትምህርት ቤት ብቻውን አስቸጋሪ ነው፤ የቆዩ ሞዴሎችም ሁሉ በውስጡ አይገኙም። በክፍያ ከመግባት አስቀድሞ የሚፈለገው ሞዴልና ዓመት መኖሩን ማጣራት ያስፈልጋል።

ሦስተኛው መንገድ ያገለገለ እውነተኛ የታተመ መጽሐፍ መግዛት ነው። በሕጋዊ መንገድ የታተመና የተሸጠ አንድ ቅጂ እንደማንኛውም ዕቃ ተመልሶ ሊሸጥ እንደሚችል የአሜሪካ ሕግ ይቀበላል፤ የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤትም በ2013 በውጭ አገር ለታተሙ ቅጂዎች ጭምር ይህንኑ አጽንቷል። ለቆዩ መሣሪያዎች ከሁሉም ርካሹና ከሁሉም የተሟላው ይህ መንገድ ነው፤ የሽቦ ሥዕሉ ሳይቆረጥ፣ ቀለሙ ሳይጠፋ የሚገኘው በእንዲህ ያለው መጽሐፍ ነውና። ማስጠንቀቂያው፣ ገልብጦ የሚሸጥ ነጋዴ ያዘጋጀው ዲስክ ያገለገለ መጽሐፍ አለመሆኑ ነው።

አራተኛው መንገድ ቤተ መጻሕፍት ነው። በዲትሮይት ከተማ የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት ውስጥ የሚገኘው ብሔራዊ የአውቶሞቢል ታሪክ ስብስብ በዓለም ከታወቁት አንዱ ነው። የአሜሪካ ሕግ ቤተ መጻሕፍት በተገቢ ዋጋ ሊተካ የማይችል፣ የተበላሸ ወይም የጠፋ መጽሐፍን ለመተካት እስከ ሦስት ቅጂ እንዲያዘጋጁ ይፈቅዳል። በኢትዮጵያም የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ዓ.ም. ለቤተ መጻሕፍትና ለመሰል ተቋማት ተመሳሳይ ልዩ ሁኔታ ይሰጣል። ይህም ማለት አንድ ትምህርት ቤት በሕጋዊ መንገድ ያገኘው መጽሐፍ በቤተ መጻሕፍቱ ተመዝግቦ ከተያዘ፣ በዘይትና በውሃ ሲበላሽ የሚተካበት ሕጋዊ መሠረት አለው። በመምህሩ መሳቢያ ውስጥ ያለ መጽሐፍ ግን ይህ ዕድል የለውም።

6. ሕጉ የማይዘጋው በር

እስካሁን የተነገረው መጽሐፉን ስለማግኘት ነው። ይሁን እንጂ መጽሐፉ ቢገኝም እንኳ፣ በሁለተኛው ክፍል እንደታየው፣ ለተማሪ የተጻፈ አይደለም። በባዕድ ቋንቋ ነው፤ ምክንያትን አያስረዳም፤ አንባቢውን እንደ ሠለጠነ ሠራተኛ ይቆጥራል። ስለዚህ መቶ ጊዜ ቢባዛ የማስተማሪያ መጽሐፍ አይሆንም። ለትምህርት ቤቶች ከሁሉ የሚበልጠው ነጥብ ከዚህ ይነሣል።

የቅጂ መብት የሚጠብቀው የመጽሐፉን አገላለጽ፣ ማለትም ቃሉን፣ ሥዕሉንና አደራደሩን ነው። ሐሳብን፣ የአሠራር ዘዴንና እንዲያው መረጃን አይጠብቅም። ይህ በአሜሪካ ሕግ የተደነገገ ሲሆን በኢትዮጵያም አዋጅ ተካትቷል። ኮድ 22 የውሃ ሙቀት ሴንሰር መስመር መሆኑ፣ ሬዚስታንሱ በ80 ዲግሪ ከ0.4 ኪሎ ኦም መብለጥ እንደሌለበት፣ ቲኢ1 ከኢ1 ጋር መገናኘቱ መረጃና ዘዴ ናቸው። ማንም መምህር በራሱ ቃል ሊጽፋቸው፣ በራሱ እጅ ሊሥላቸው ይችላል። በአንጻሩ መጽሐፉን ከገጽ እስከ ገጽ ወደ አማርኛ መተርጎም የባለመብቱን ፈቃድ ይጠይቃል። ልዩነቱ ቀጭን ቢመስልም በተግባር ሰፊ ነው፤ ተርጓሚው የሌላውን ዓረፍተ ነገር ይከተላል፣ መምህሩ ግን መኪናውን ፊት ለፊቱ አቁሞ ያየውንና የለካውን ይጽፋል። አዋጁ ለማስተማር ዓላማ ከታተመ ሥራ ላይ፣ ምንጩን በመጥቀስና ከመልካም ልምድ ሳይወጡ፣ ለትምህርቱ በሚያስፈልገው መጠን መቅዳትንም ይፈቅዳል። ስለሆነም አንድ የሽቦ ሥዕል ለአንድ ትምህርት ማሳያ ማባዛትና ሙሉውን መጽሐፍ ማባዛት በአንድ ዓይን አይታዩም።

በዚህ መንገድ የሚዘጋጅ የአማርኛ የሥራ ወረቀት ከፋብሪካው መጽሐፍ የተሻለ አስተማሪ ሊሆን ይችላል። ለምሳሌ ያህል፣ ተማሪው በመጀመሪያ ሴንሰሩን ነቅሎ በቀዝቃዛ ውሃ፣ ቀጥሎም በሞቀ ውሃ ውስጥ አድርጎ ሬዚስታንሱን በመለኪያ ያንብብና በግራፍ ያስፍር። ቀጥሎ ሶኬቱን ነቅሎ የሚመዘገበውን ኮድ ያንብብ። በመጨረሻም ሽቦ የተቆረጠበት መኪና ኮምፒውተር ለምን ሞተሩ ቀዝቃዛ ነው ብሎ እንደሚያምንና ነዳጅ እንደሚያባክን በራሱ ቃል ያስረዳ። ይህን የሠራ ተማሪ የቶዮታን 22፣ የጄኔራል ሞተርስን 15፣ የፎክስዋገንን 00522፣ በጋራው ሥርዓትም የውሃ ሙቀት ሴንሰር መስመር ከፍተኛ ቮልቴጅ ማሳየቱን የሚገልጸውን ፒ0118 የአንድ ነገር የተለያዩ ስሞች አድርጎ ይረዳቸዋል።

ማጠቃለያ

ከላይ ከተዘረዘሩት ነጥቦች በመነሣት ለዕቅድ አውጪዎች የሚከተለው ሊጠቆም ይችላል። አንደኛ፣ መመርመሪያ መሣሪያ በግዢ ወይም በርዳታ ሲመጣ ሦስቱም መጻሕፍት፣ ማለትም የመሣሪያው፣ የካርትሪጁና የመኪናው፣ በርክክብ ሰነዱ ላይ በስማቸው ተጠቅሰው ይግቡ፤ ለክፍል አገልግሎት የማባዛት ፈቃድም በዚያው ሰነድ በጽሑፍ ይጠየቅ። ሰጪው ፈቃድ ለመስጠት የሚቀለው ዕቃውን በሚያስረክብበት ቀን እንጂ ከሃያ ዓመት በኋላ አይደለም። ሁለተኛ፣ የኢንተርኔት አገልግሎት ክፍያና ያገለገሉ መጻሕፍት ግዢ በየትምህርት ቤቱ ከሚበታተን በአንድ ማዕከል ቢከናወን የውጭ ምንዛሪው ይቆጠባል፤ በዚህ ጊዜም የአገልግሎቱ ውል ስንት ተቋማት እንዲጠቀሙ እንደሚፈቅድ አስቀድሞ ይታይ። ሦስተኛ፣ መጻሕፍቱ በቤተ መጻሕፍት ተመዝግበው ይያዙ፤ በወርክሾፕ ውስጥ የሚውለው መምህራን በራሳቸው ቃል ያዘጋጁት የሥራ ወረቀት ይሁን። አራተኛ፣ እንዲህ ያለውን ወረቀት የሚያዘጋጁ መምህራን ጊዜ ይመደብላቸው፤ ሥራቸውም እንደ ሥርዓተ ትምህርት ዝግጅት ተቆጥሮ ስማቸው በወረቀቱ ላይ ይጻፍ።

የመምህራን ድርሻ ደግሞ ከዛሬ ሊጀመር የሚችል ነው። በመደርደሪያ ላይ ያለው መሣሪያ አቧራው ተጠርጎ ቁጥሩ ይመዝገብ፤ የኩባንያው ወራሽ ማን እንደሆነ ተጣርቶ ደብዳቤ ይላክ። መልሱ እስኪመጣም ቢሆን ሥራው መቆም የለበትም። የውሃ ሙቀት ሴንሰር፣ መለኪያ፣ ቴርሞሜትርና አንድ ጣሳ ሙቅ ውሃ ያለው ወርክሾፕ የመጀመሪያውን የሥራ ወረቀት ለማዘጋጀት የማንንም ፈቃድ መጠበቅ አያስፈልገውም።